ጋሼ «ቀስ» ሲል

ሰኞ

ጋሼ ዛሬ ከሆስፒታል ወጣ። ታላቅ ወንድሜ ነው፤ መስታወት ቆራጭ፤ ወሬ ከጀመረ ደንበኛው የመጣበትን ጉዳይ ረስቶ የሚሄድለት ሰው። ስትሮኩ ቀኝ እጁን አደከመው፤ ቀኝ እግሩንም ትንሽ ያስጎትተዋል። ንግግሩን ግን ጠራርጎ ነው የወሰደው። የቀረችው አንዲት ቃል ናት፤ «ቀስ»።

ሌላ ቃል ቢቀርለት ነበር የሚገርመኝ። በዚያ መስታወት ቤት አባታችን፣ ከአባታችን በኋላ ደግሞ እሱ፣ ቀኑን ሙሉ ሲሏት የኖሩት ይቺኑ ነው። እኔም ኮሌጅ ገብቼ ሰው ከመምሰሌ በፊት መስታወት እየተሸከምኩ በዚቹ ቃል ነው ያደግሁት።

ከመኪናው ሲወርድ ሹፌሩን «ቀስ» አለው። ሹፌሩም «እሺ አባቴ» ብሎ ደግፎ አወረደው። ደስ አለን። ከዚያ ግን በሩን ሲያይ «ቀስ»፣ ሚስቱን ሲያይ «ቀስ»፣ ውሃ ስትሰጠው «ቀስ»። ልንስቅ ጀምረን መሃል ላይ አፈርን።

ማክሰኞ

እትዬ ደወለች። የሁላችንም ታላቅ ናት፤ ሌላ ከተማ ትኖራለች፤ ሁሉን ነገር በስልክ ወስና ትጨርሳለች። አሁን የወሰነችው ጋሼና ሚስቱ እሷ ዘንድ እንዲሄዱ፣ መስታወት ቤቱም ለሌላ ሰው እንዲከራይ ነው። ክፍል ሁሉ አስለቅቃላቸዋለች።

«አፍ የሌለው ሰው ሱቅ ይዞ ምን ይሠራል?» አለች። «ደግሞ ራሱን ጠይቄዋለሁ፣ በቪዲዮ። እሺ ብሎኛል።»

«እሺ ማለት አይችልም እኮ፣ እትዬ።»

«ራሱን ነቀነቀልኝ። ከዚህ በላይ ምን እሺ አለ?»

ስልኩን ዘጋሁና ሄጄ ከጎኑ ተቀመጥኩ። «ጋሼ፣ ዛሬ ማክሰኞ ነው?» ነቀነቀ። «ሐሙስ ነው?» ነቀነቀ። «አንተ ፖሊስ ነህ?» ነቀነቀ። «ጥጃ ነህ?» አሁንም ነቀነቀ፤ ግን ዓይኑን ከዓይኔ ሳይነቅል። የምሠራው ሥራ ገብቶታል። ተነስቼ ወጣሁ። እኔ ፀጉሬ የሸበተው ሴትዮ፣ የታመመ ወንድሜን ጥጃ ነህ ወይ እላለሁ!

ማታ ለእትዬ መልሼ ደወልኩላትና የኮሌጁ ዕረፍት እስኪያልቅ እንድትታገሠኝ ለመንኳት። እኔ ቃላቱን እመልስለታለሁ አልኩ። «ይሁን፣ አንቺ የቃል አስተማሪ አይደለሽ?» አለች። ታሹፍብኝ ወይ ታጽናናኝ አልለየሁም። ዕረፍቱ ሲያልቅ መኪና ይዛ ትመጣለች። ጋሼ ካልተናገረ ሻንጣው ይጫናል።

ሐሙስ

የንግግር ሐኪሟ ጋ ሄድን። ወጣት ናት፤ ድምፅዋ ዝግ ያለ ነው። ጋሼን ስታናግረው እንደ ሕፃን አታባብለውም፤ ደስ አለችኝ። የሥዕል ካርዶች ሰጠችን። ኩባያ፣ ወንበር፣ ወፍ፣ ቁልፍ።

ስንወጣ ያለችውን እንዳልረሳው እጽፈዋለሁ። «ካርዱ አንዱ መንገድ ብቻ ነው። ዋናው፣ ስትጠይቁት ጊዜ ስጡት። ጠይቃችሁ እስኪ ዝም በሉ።» ጥሩ ምክር ነው። ለሙሽሪት ነግሬያታለሁ።

ሙሽሪት የጋሼ ሚስት ናት። ልጆቻቸው አድገው ከቤት ወጥተዋል፤ እሷ ግን በቤታችን ዛሬም ሙሽሪት ናት። በመስታወት ቤቱ ጓዳ መጋረጃ ትሰፋለች። መስታወት ግን አትነካም። በተጋቡ ሰሞን አንድ ሠራተኛ ሲቆረጥ አይታ፣ ከዚያ ወዲህ እንኳን ልትሸከም፣ መደርደሪያው አጠገብ ስታልፍ ቀሚሷን ትሰበስባለች።

ቅዳሜ

ካርድ። ቀኑን ሙሉ ካርድ።

ኩባያ አሳየሁት። «ቀስ።» «አይደለም ጋሼ፣ ኩ-ባ-ያ።» «ቀስ።» ወንበር አሳየሁት። የተቀመጠበትን ወንበር በግራ እጁ መታ መታ አደረገውና «ቀስ» አለ። «እሱማ ወንበር መሆኑን አውቀሃል፤ ስሙን በል!» አልኩት። እየጮኽኩ መሆኔን ያወቅሁት ሙሽሪት የስፌት መኪናዋን ስታቆም ነው።

ምሳ ላይ ኩባያውን አንስቶ ወደ ማሰሮው ዘርግቶ «ቀስ» አለ፤ ሙሽሪት ውሃ ቀዳችለት። እኔ ደግሞ ካርዱን ፍለጋ ስነሳ ሾርባዬ ቀዘቀዘ።

እሑድ

ዘዴ መጣልኝ። አንድ ቃል ብቻ ካለው፣ የዚያችን የአንዷን ቃል መዝገበ ቃላት እሠራለሁ! ትልቅ ካርቶን ግድግዳው ላይ ለጠፍኩ። አጭር «ቀስ» ማለት ውሃ። ረጅም «ቀስ» ማለት ይብቃኝ። ዝቅ ያለ «ቀስ» ማለት አመመኝ። ጋሼ ስጽፍ ተቀምጦ አየኝ፤ ፊቱ ላይ ሳቅ የሚመስል ነገር ነበር። ሳቅ ከሆነ ይመዝገብልኝ።

ማክሰኞ

መዝገበ ቃላቴ ከዳቦ ቀድሞ ሻገተ። አጭሯን «ቀስ» አለ፣ ውሃ አመጣሁ፤ የፈለገው ጫማው እንዲፈታለት ነበር። ረጅሟን አለ፣ ሳህኑን አነሳሁ፤ ተቆጣ። ለካ ጨው ጨምሩልኝ ነው። ሙሽሪት ካርቶኑን ዞር ብላ እንኳ ሳታይ ጨው አቀበለችው።

«እንዴት አወቅሽ?» አልኳት።

«ምኑን?»

«ጨው ማለቱን።»

«እየበላ አይደል እንዴ!» አለችኝ፣ እንደ ቂል እያየችኝ።

ካርቶኑን ቀደድኩት።

ማክሰኞ፣ ማታ

እንቅልፍ እምቢ ስላለኝ ለሚመጣው ትምህርት ማስታወሻዬን ሳገላብጥ አመሸሁ። የማስተምረው የቋንቋ ፍልስፍና ነው፤ ቃል ትርጉሙን ከየት ያገኛል የሚለውን። በየዓመቱ መጀመሪያ ቀን በሩን ከውጭ ሆኜ አንኳኳና «ቤቶች!» እላለሁ። ተማሪዎቹ ይስቃሉ። ከዚያ ገብቼ እጠይቃቸዋለሁ፦ ይህን ስል ስለ ቤት ያወራሁ የመሰለው ማን ነው? ማንም። ሰው አለ ወይ ማለቴ ነው፤ ያንን ደግሞ ያወቃችሁት ቃሉን ፈትታችሁ ሳይሆን ደጅ ቆሜ ስላንኳኳሁ ነው። ልብስ ሰፊ «ነገ ና» ሲል ስንቶቻችን በእርግጥ በነጋታው እንሄዳለን? የእናት «እሺ» አለ፣ ያኮረፈ ሰው «እሺ» አለ፣ ጠብ የፈለገ ሰው «እሺ!» አለ። ቃል ብቻውን ቆሞ ምንም አይልም፤ ሰዎች ምን እየሠሩበት እንደሆነ ነው የሚታየው።

እንዲህ ብዬ ነው የማስተምረው። ጥሩ አድርጌም አስተምራለሁ።

ነገ ካርዶቹን እንደገና በአዲስ ቅደም ተከተል እንሞክራለን። ከቀላል ወደ ከባድ።

ዓርብ

ባለመድኃኒት ቤቱ መጡ። የፊት መስታወታቸው ተሰንጥቋል፤ አዲስ ይፈልጋሉ፤ ትልቅ ነው። «ጋሼ ካልሆነ ለሌላ አልሰጥም» አሉ። እሳቸው ደግ ሰው ናቸው። ጋሼ ነቀነቀ፤ እኔም «ይሠራል፣ በደስታ ይሠራል፣ እንዲያውም ሥራ ናፍቆታል» አልኩ። ሲወጡ ሙሽሪት ቀስ ብላ፣ «አንቺ እኮ እሱ ገና አፉን ሳይከፍት ትመልሺለታለሽ» አለችኝ።

ምን ላድርግ? ሰውየው ቆመው እየጠበቁ!

ለማንኛውም ሥራው ተገኝቷል። ጋሼ ሲሠራ እትዬ ካየች ነገሩ ያልቃል። ከሰኞ ጀምሮ በትንንሹ እንለማመዳለን።

ሰኞ

መስታወት ቤቱን ከፈትን። አቧራ። ሲሊኮኑ ደርቋል። ጋሼ የመስታወት መቁረጫ አልማዙን በግራ እጁ አንስቶ በቁራጭ መስታወት ላይ መስመር አሰመረ፤ ያ የለመድነው ድምፅ ተሰማ፤ መስመሩ ግን ጠመመ። ደጋገመው። በሦስተኛው ቀና። እጁ ላይ ሲሊኮን ተለጥፎ፣ አፉን ከፍቶ፣ ልጅ መሰለ። ደስ አለኝ፤ ጓዳ ገብቼ ትንሽ አለቀስኩ።

ከሰዓት መሸከም ጀመርን። የአባታችን ሕግ አጭር ነው፤ ከኋላ ያለው ይናገራል፣ ከፊት ያለው ዝም ብሎ ይሄዳል። መስታወቱን ሙሉውን የሚያየው የኋላው ነዋ። ጋሼን ከፊት አደረግሁት፤ ከኋላ ከሆነ ቢወድቅ እንኳ አላየውም። ከፊቴ ሲሆን ዓይኔ አይለየውም። እኔ ከኋላ ሆኜ «ና፣ ግራ፣ ቁም» እላለሁ።

ከፊት ሆኖ እሱም ይናገራል። «ቀስ፣ ቀስ።» ዝም በል አልለው፣ ያለው ያው እሱ ነው።

ረቡዕ

ተሰበረ። እጄም። በግራ ነው የምጽፈው

መዳፌ ተሰፋ። ጋሼ ደህና ነው

ኋላ እጽፋለሁ

ሐሙስ

እንደሚከተለው ነው የሆነው። ከመደርደሪያው መካከለኛ መስታወት አውጥተን ወደ መቁረጫው ጠረጴዛ እየሄድን ነበር። ጋሼ ከፊት «ቀስ» አለ። እግሩ የደከመው መስሎኝ ቆምኩ። እሱ አልቆመም። መስታወቱ ተጣመመና የበሩን መቃን መታ፤ ከዚያ በኋላ ድምፁን እንጂ ሌላ አላስታውስም። ጓንቴን ቀድዶ መዳፌን ቆረጠኝ። ጋሼ ስብርባሪው መሃል ቆሞ «ቀስ ቀስ ቀስ» ይላል፣ እንባው እየወረደ። ሙሽሪት ከጓዳ ሮጣ መጥታ የሚሰፋ መጋረጃዋን በእጄ ላይ ጠቀለለችው። ስብርባሪውን ግን አልረገጠችም፤ ከዳር ሆና ነው እጄን የጎተተችው።

ምን ማለቱ ነበር? ፍጠኚ? ቁሚ? ከፊቴ ነገር አለ? ሌሊቱን ሳወጣ ሳወርድ አደርኩ፤ አላገኘሁትም።

እትዬ ሰማች። ማን እንደነገራት አልጠየቅሁም። «ይኸውልሽ» አለች፤ አልጮኸችም፣ ብትጮህ ይሻለኝ ነበር። «አንዱ የሚለውን ሌላው ካልሰማ መስታወት አይሸከሙም። ልትገይው ነው ወይስ ራስሽን? የሚቀጥለው ሳምንት ቅዳሜ እመጣለሁ። ሻንጣውን አዘጋጂለት።»

እውነቷን ነው።

ቅዳሜ

ሻንጣ አወረድን። ሙሽሪት የጋሼን ልብስ ታጥፋለች፤ እኔ በአንድ እጄ አቀብላታለሁ።

«እዚያ ምን ይሠራል?» አለችኝ ድንገት። «እትዬ ጥሩ ሰው ናት፣ አይጎድልበትም። ግን ጠዋት ተነስቶ ወዴት ይሄዳል?»

«አንቺስ መሄድ ትፈልጊያለሽ?»

«ይህን ጥያቄ እኮ ገና አሁን ነው ሰው የጠየቀኝ» አለች። ከዚያ «አልፈልግም» አለች፣ ሸሚዙን ደግማ እያጠፈች።

እኔ ቃል እመልሳለሁ ብዬ ገብቼ አንድ መስታወት፣ አንድ መዳፍና የአንድ ሰው ተስፋ ሰብሬ ልወጣ ነው።

እሑድ፣ ማታ

ዛሬ የሆነውን ሳልቸኩል ልጻፈው።

ከምሳ በኋላ ጋሼ ከቤት ጠፋ። ደንግጬ ስወጣ መስታወት ቤቱ ክፍት ነው። መሃል ወለሉ ላይ ረጅም ስስ ጣውላ በጎኑ አቁሞ ይዞ ቆሟል። «ቀስ!» አለኝ፤ ና የሚባል ውሻ እንኳ እንዲህ አይጠራም። «ጋሼ፣ እጄ ተሰፍቷል፣ አንተም ደክሞሃል፣ ተው አሁን» ማለት ጀመርኩ። አልሰማኝም። ቀረብ ስል እጅጌዬን ያዘና ጎትቶ የጣውላው ፊት አቆመኝ። እሱ እግሩን እየጎተተ ወደ ኋላ ሄደ። የመስታወት መሸከሚያ ማንገቻውን በትከሻው አሳልፎ፣ ጣውላውን በግራ እጁ ከሥር ያዘ።

«ቀስ» አለ። አነሳን።

ሄድን። ደጃፉ ላይ «ቀስ» አለ፤ ቀነስኩ። መዞሪያው ላይ «ቀስ» አለ፤ ዞርኩ። ጠረጴዛው ዘንድ ስንደርስ «ቀስ» አለ፤ አወረድኩ። ስናስቀምጥ ነው የነቃሁት። በዚህ ሁሉ መንገድ አንድም ጊዜ ምን ማለቱ ነው ብዬ አላሰብኩም! ደጃፍ ላይ ሌላ ምን ይባላል? ጠረጴዛ ላይ ሌላ ምን ይባላል? ቃሉ ያው ነው፤ ድምፁም ብዙ አልተለየም። እኛ ግን አብረን የምንሠራው ሥራ ነበረን፤ በዚያ ሥራ ውስጥ እሱ የተናጋሪውን ቦታ ይዞ ነበር።

እኔ ያንን ቦታ ነጥቄው ነበር። ከፊት አድርጌ፣ ዝም በሚባልበት ቦታ አቁሜ፣ ከዚያ ለምን አትገባኝም እያልኩ ስከስሰው ከረምኩ። ለጥንቃቄ ብዬ ነው። ለጥንቃቄም ነበር። ግን አዛዥ መሆኑንም አልጠላሁትም ነበር፤ እዚህ ካልጻፍኩት የት እጽፈዋለሁ?

ካርዱም ያው ነው። ኩባያውን ከውሃው፣ ከጥሙ፣ ከምሳው ገንጥዬ ወረቀት ላይ አሳየውና ስሙን በል እለዋለሁ። ተማሪዬ እንዲህ ቢሠራ ዜሮ እሰጠው ነበር።

ጣውላውን ስምንት ዘጠኝ ጊዜ ሳናመላልሰው አልቀረንም። ጋሼ አላበው። ሙሽሪት በር ላይ ቆማ አየችን፤ ለሁለታችንም ውሃ አመጣች።

ረቡዕ

ተለማመድን። ባለመድኃኒት ቤቱ ቅዳሜ ጠዋት ይጠብቁናል። አንድ የቀን ሠራተኛ ከፊት እንዲይዝ ቀጥረናል፤ መዳፌ ከባድ ነገር አይችልም ተብሏል።

ቅዳሜ እትዬም ትመጣለች። በዚያው ጠዋት። እስኪ።

ዓርብ

ለእትዬ የምናገረውን እያዘጋጀሁ ነው። ሦስት ገጽ ሆነ።

ሙሽሪት አየችኝና፣ «ደግሞ ልትናገሪለት ነው?» አለች። ወረቀቶቹን አጥፌ ኪሴ ከተትኩ።

ቅዳሜ

ዛሬውኑ ካልጻፍኩ ይፈነዳብኛል።

የቀን ሠራተኛው ቀረ። ስልኩም ዝግ ነው። ባለመድኃኒት ቤቱ አሮጌውን መስታወት አስነስተው፣ ሱቃቸው አፉን ከፍቶ፣ ደጋግመው ይደውላሉ። ሙሽሪትን አየኋት። «ተይኝ፣ በናትሽ» አለች። እውነቷን ነበር፤ ከንፈሯ ነጥቷል።

በዚህ መሃል የእትዬ መኪና መጣ። ወረደች፣ ጋሼን ሳመችው፣ ፊቱን በሁለት እጇ ይዛ ትክ ብላ አየችው፤ ዓይኗ እንባ ሞላ። ከዚያ ያው እትዬ ሆነች። «ሻንጣው የታል?» ሙሽሪት ሻንጣውን አመጣች፤ መኪናው ውስጥ ገባ።

ጋሼ አላያቸውም። መስታወቱ አጠገብ ቆሟል፤ ማንገቻው ትከሻው ላይ ነው።

«ምን ሆኖ ነው?» አለች እትዬ።

«የሰው ሥራ አለበት። የፊት ሰው ቀርቶብን ነው።»

«ታዲያ ሳታደርሱ ልትሄዱ ነው እንዴ?» አለች፤ የአባታችን ልጅ አይደለች! ሰዓቷን አውልቃ ለሙሽሪት ሰጠቻት። «ጓንት አምጪ። ስንት ዓመቴ ነው እባካችሁ! አጥንቴ ቢሰበር የምትነቅፉት ራሳችሁን ነው።» ከፊት ቆመች። እኔ «እትዬ፣ እሱ ከኋላ ሲል…» ብዬ ጀመርኩ፤ ወዲያው አፌን ያዝኩ። በጨነቀኝ ጊዜ ዝም ማለት ከመስታወት ይከብዳል።

«ቀስ» አለ ጋሼ። እትዬ አነሳች።

መድኃኒት ቤቱ መንገዱን ተሻግሮ ነው። ደጃፉ ላይ «ቀስ»፤ እትዬ እግሯን ከፍ አድርጋ መድረኩን አለፈች። መንገዱ ዳር «ቀስ»፤ ቆመች፤ ብስክሌት አለፈ። «ቀስ»፤ ሄደች። እኔ ከጎን እየሄድኩ መኪና አስቆማለሁ እንጂ ቃል አልተነፈስኩም። መድኃኒት ቤቱ ውስጥ መዞሪያው ጠባብ ነው፤ ጋሼ እዚያ ላይ ደጋግሞ «ቀስ» አለ፣ በየእርምጃው፣ ለስለስ አድርጎ፤ እሷም በየእርምጃው ትንሽ ትንሽ ዞረች። መስታወቱ ቦታው ላይ ተቀመጠ፤ ገጠመ። ባለመድኃኒት ቤቱ አጨበጨቡ።

እትዬ ጓንቷን አላወለቀችም። ጋሼን እያየች ቆመች። «እንዴ!» አለች። «አናገረኝ እኮ! መንገዱን ሙሉ አናገረኝ።»

ተመልሰን መስታወት ቤቱ በር ላይ ደረስን። መኪናው ቆሟል። እትዬ ጉሮሮዋን ጠረገች። «ወንድሜ፣ ከእኔ ጋር ትሄዳለህ?»

ጋሼ ነቀነቀ።

አፌን ከፈትኩ። ሙሽሪት እግሬን ረገጠችኝ፤ በደንብ አድርጋ። ዝም አልኩ። እትዬም ዝም አለች። ሙሽሪትም። እኛ ቤት እንዲህ ያለ ዝምታ ሰምቼ አላውቅም፤ መቼም ቢሆን አንዳችን ገብተን እንሞላው ነበር። ጋሼ አንድ በአንድ አየን። ማንም የማይናገር መሆኑን ሲያይ መነቅነቁን አቆመ። ለካ እሺ ማለቱ አልነበረም፤ እየሰማሁሽ ነው፣ ቀጥይ ማለቱ ነበር! እኛ ደግሞ ጠይቀን የምንጠብቅ ሰዎች አይደለንም፤ ከመነቅነቁ ወዲያ ያለውን አይተንለት አናውቅም።

ወደ መኪናው ሄደ። ኋላውን በግራ እጁ ከፈተ። ሻንጣውን ጎተተ፤ ከበደው፤ መሬት ላይ ጣለው፤ እየጎተተ በአጠገባችን አልፎ ወደ ቤት አስገባው።

እትዬ እንባዋን በጓንቱ ጠረገችና ፊቷ አቧራ በአቧራ ሆነ። «እና ያን ሁሉ አልጋና ቁምሳጥን ለማን ነው ያዘጋጀሁት?» አለች። ከዚያ ሳቀች። ሁላችንም ሳቅን፤ ጋሼም ከውስጥ።

ሦስቱ ገጽ አሁንም ኪሴ ውስጥ ነው። እሳት ይቀጣጠልበታል።

ሰኞ

ነገ እመለሳለሁ፤ ኮሌጁ ይከፈታል። የሚያሳስበኝ አንድ ነገር ነው፤ ከፊት ማን ይይዝለታል? የቀን ሠራተኛ አይታመንም፤ እትዬም ከዚያ ድረስ እየመጣች አትሸከምም። ጋሼ ብቻውን ሊቆርጥ ይችላል፤ ብቻውን ግን ሊሸከም አይችልም። ያለ ተሸካሚ ደግሞ ሱቁ ያው ለሌላ እንደተከራየ ነው።

ሙሽሪት ምሳ ላይ «እስኪ ያን ጣውላ» አለች። ጣውላውን ከፊት ይዛ፣ ዓይኗን ጨፍና፣ አንድ ዙር ሄደች። «ዓይንሽን ግለጪ!» ማለት አማረኝ። ጋሼ «ቀስ» አላት፤ ገለጠች።

ሐሙስ፣ ከኮሌጁ

የመጀመሪያው ክፍል ነበረኝ። ደጅ ቆሜ አንኳኳሁና «ቤቶች!» አልኩ። እንደ ሁልጊዜው ሳቁ። ጥያቄ ጠየቅኳቸውና ዝም ብዬ ጠበቅሁ። ጨነቃቸው። እኔንም ጨነቀኝ። በመጨረሻ ከኋላ ወንበር አንዲት ልጅ እጇን አወጣች።

ስለ ጋሼ ዜና የለም። ሙሽሪት ትንሽ መስታወት እንደጀመሩ ብቻ ጻፈችልኝ።

እሑድ

ሙሽሪት ደወለች። ድምፅዋ ላይ ትንፋሽ ብቻ ነው ያለው። ትናንት የጎረቤት ቤት መስኮት ነበር። እሷ ከፊት፣ ጋሼ ከኋላ። ደረጃ ላይ እጇ ላብ አሸንፎት መስታወቱ መንሸራተት ጀመረ።

«ከኋላዬ ምን ቢል ጥሩ ነው?»

«ቀስ?»

«‘ያዢ!’ አለኝ። ‘ያዢ!’ ጥርት አድርጎ! ከታመመ ወዲህ ሌላ ቃል…» ድምፅዋ ተቋረጠ።

ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። የመጣልኝ ጥያቄ ብዙ ነበር፤ እንዴት አለው፣ ደገመው ወይ፣ ለሐኪሟ ነገርሻት ወይ። የወጣኝ ግን አንዱ ብቻ ነው።

«ከዚያስ አንቺ ምን አደረግሽ?»

«ምን አደርጋለሁ» አለች፤ «ያዝኩ እንጂ!»